መቀስ የፈረደበት ምሽት

ከወልዲያ ወደ ደሴ የሚጓዝ መንገደኛ መርሳን ሳያይ አያልፍም። የሀብሩ ወረዳ ከተማ ናት። ከአንድ ሻይ ቤት በረንዳ ላይ ተቀምጬ የሚያልፈውን የጭነት መኪና ስመለከት፣ ይኸው አውራ ጎዳና በ1965 እና በ1966 ዓ.ም. ምን ተሸክሞ እንደነበር ትዝ አለኝ። ያን ጊዜ ከየቀዬው የወጣው ረሀብተኛ መኪና ያቆምልኝ ይሆናል ብሎ የወረደው ወደዚህ መንገድ ነበር።

ስለዚያ ረሀብ የተሠራው ፊልም «ያልታወቀው ረሀብ» ይባላል። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ወሎ መጥቶ ያዘጋጀው ሲሆን፣ በእንግሊዝ ቴሌቪዥን የታየው ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. ነው። ለመሆኑ ያልታወቀው ለማን ነው? የየጁ ገበሬ አሳምሮ ያውቀዋል። የዩኒቨርሲቲ መምህራንም በ1965 ወሎ ድረስ ሄደው ያነሱትን ፎቶግራፍ አዲስ አበባ ላይ አሳይተዋል። ማወቅ ያልፈለገው ሌላ ነበር። «የጠገበ የተራበ ያለ አይመስለውም» ይላል ያገሬ ሰው።

እኔን የሚያስገርመኝ ግን የፊልሙ ሁለተኛ ሕይወት ነው። ደርግ ፊልሙን አስመጥቶ እንደገና አስቀናበረው። በሚሞቱት ሕፃናት መካከል የቤተ መንግሥት ድግስ፣ የሠርግ ኬክ፣ ሻምፓኝ፣ ንጉሠ ነገሥቱም ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡ የሚያሳዩ ምስሎች ገቡበት። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም.፣ በዘመን መለወጫ ምሽት፣ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ታየ። ንጉሠ ነገሥቱም እንዲመለከቱት ተነግሯቸው እንደነበር ተጽፏል። በማግሥቱ ጠዋት ከሥልጣን ወርደው በቮልስዋገን ተወሰዱ።

ሶቪየታዊው ሌቭ ኩሌሾቭ የአንድን ተዋናይ ፊት አንዴ ከሾርባ ሳሕን፣ አንዴ ከሬሳ ሣጥን ጋር አያይዞ አሳይቶ ነበር ይባላል። ፊቱ ያው አንድ ፊት ሲሆን፣ ተመልካቹ ግን አንዴ ረሀብ፣ አንዴ ሐዘን አነበበበት። የቅንብር ባለሙያ ኃይሉ ይህ ነው፤ ካሜራ ያልቀረጸውን ሦስተኛ ነገር በሁለት ምስሎች መገናኛ ላይ ይፈጥራል።

ታዲያ ያ ምሽት ውሸት ነበር? አልልም። ረሀቡም እውነት ነው፤ ድግሱም እውነት ነው። መቀሱ ያደረገው ተራርቀው የነበሩትን ማገናኘት ነው። ሆኖም ያገናኘው እጅ ለወሎ ሰው አዝኖ ነው ወይስ ዙፋን ፈልጎ? መልሱን ለማግኘት ሩቅ መሄድ አያሻም።

ልክ አሥር ዓመት ቆይቶ፣ በመስከረም 1977 ዓ.ም.፣ ደርግ አሥረኛውን የአብዮት በዓል በከፍተኛ ድግስ አከበረ። በዚያው ጊዜ፣ ያኔ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር በነበረችው ኮረም፣ ሕዝብ እንደ ቅጠል ይረግፍ ነበር። ጥቅምት 13 ቀን የማይክል በርክና የካሜራ ባለሙያው የመሐመድ አሚን ዘገባ በቢቢሲ ታይቶ ዓለምን አስለቀሰ። የሰልፉን ርችትና የኮረምን ሌሊት በአንድ ጥቅልል ላይ የሚቀጥል ቢኖር ኖሮ፣ ያንኑ የ1967ቱን ፊልም ደግሞ በሠራው ነበር። ግን ያን ጊዜ መቀሱ በባለ ድግሱ እጅ ነበር።

እኔን የሚከነክነኝ ሌላም አለ። የቴሌቪዥን ሥርጭት ከአዲስ አበባ ብዙም ባልራቀበት በዚያ ዘመን፣ መንግሥት የገለበጠውን ፊልም የተቀረጹት ሰዎች አላዩትም። በፊልሙ ውስጥ አሉ፤ ስማቸው ግን የለም። የአንዱ መንግሥት መክሰሻ ሆኑ፤ የሌላው መወጣጫ ሆኑ።

ሻዬን ጨርሼ ተነሣሁ። በመንገዱ ላይ ጎልማሶች ያልፋሉ፤ ምናልባት ከእነሱ የአንዱ እናት ወይም ታላቅ ወንድም በዚያ ጥቅልል ላይ ይኖሩ ይሆናል። አንባቢ ሆይ፣ የረሀብ ፊልም ባየን ቁጥር ማን እንደቀረጸው ብቻ ሳይሆን፣ ማን እንደቆረጠውና ከምን ጋር እንደቀጠለውም ብንጠይቅ አይበዛብንም።