«እርጥበት መለኪያ» ሲባል የምኑ እርጥበት?

የመኸር ምርት ተሰብስቦ እህል ወደ ጎተራና ወደ ገበያ በሚገባበት ወቅት «እርጥበቱ ስንት ነው?» የሚለው ጥያቄ ብዙ ጊዜ ከዋጋው ጥያቄ ቀድሞ ይመጣል። ለጥያቄው መልስ የሚሰጠው መሣሪያ በአማርኛ «እርጥበት መለኪያ» ይባላል። ስሙ አንድ ቢሆንም በዚህ ስም የሚጠሩት መሣሪያዎች ግን አንድ አይደሉም። በሚቲዎሮሎጂ ጣቢያ የአየሩን፣ በመጋዘን የፍሬውን፣ በመስኖ ማሳ የአፈሩን እርጥበት የሚለኩት መሣሪያዎች በአሠራራቸውም በሚሰጡት ቁጥርም ይለያያሉ። ግድግዳ ላይ የሚሰቀለውን የአየር መለኪያ ገዝቶ ከበቆሎ ጆንያ ውስጥ ያስቀመጠ ሰው 60 የሚል ቁጥር ቢያነብ፣ ከእህሉ 60 በመቶው ውኃ ነው ማለት አይደለም። ይህ ቁጥር ከንቱም አይደለም፤ ምን እንደሚናገር ወደ ኋላ እንመለስበታለን።

በቃሉ እንጀምር። «እርጥበት» የወጣው «ረጠበ» ከሚለው ግስ ነው። ውኃ የነካው ልብስ፣ ዝናብ የጠገበ መሬት፣ በቅጡ ያልደረቀ እህል ሁሉም እርጥብ ነው። ሕዝቡ በአየር ውስጥ ያለውን ውኃ በሌሎች ቃላት ለይቶ ያውቀዋል፦ ከሙቀት ጋር ሲሆን «ወበቅ»፣ ሌሊት ቀዝቅዞ ሣር ላይ ሲያርፍ «ጤዛ»፣ ሜዳና ተራራውን ሲሸፍን «ጉም» ይለዋል። ወደ መለኪያው ሲመጣ ግን ሁሉም በአንዱ «እርጥበት» ሥር ተጠቃለለ። በመጋዘንና በላቦራቶሪ አካባቢ የእህሉን «ሞይስቸር» እያሉ መለየት የተለመደ ነው።

የአየር እርጥበት መለኪያ ዓለም አቀፍ ስሙ «ሃይግሮሜትር» ነው። «ሂግሮስ» በግሪክኛ እርጥብ፣ «ሜትሮን» ደግሞ መለኪያ ማለት ነው። ከዚህ ጋር በአንድ ፊደል ብቻ የሚለየው «ሃይድሮሜትር» ፈጽሞ ሌላ ዕቃ ነው። እርሱ የፈሳሽ እፍጋትን የሚለካ ሲሆን ጋራዦች የመኪና ባትሪ አሲድን ይፈትሹበታል። በስልክ ዕቃ የሚያዝዝ ሰው ይህችን የ«ግ» እና የ«ድ» ልዩነት ልብ ቢል ከአላስፈላጊ ወጪ ይድናል። በዚህ ጸሐፊ አስተያየት ከባዕድ ቃል ጋር ከመታገል ይልቅ የእርጥበቱን ባለቤት ጨምሮ «የአየር»፣ «የእህል» ወይም «የአፈር እርጥበት መለኪያ» ማለቱ ይበቃል።

የአየር እርጥበት በዓይን በማይታይ ተን መልክ በአየር ውስጥ ያለ ውኃ ነው። አየር ሲሞቅ ብዙ፣ ሲቀዘቅዝ ጥቂት ተን ይይዛል። አንድ ሜትር ኩብ አየር በ10 ዲግሪ ሴልሺየስ ሊይዝ የሚችለው ከ9 ግራም ብዙም አይበልጥም፤ በ25 ዲግሪ ግን 23 ግራም ይደርሳል። በአየር ትንበያ የምንሰማው «አንጻራዊ እርጥበት» አየሩ በዚያ ሙቀት መያዝ ከሚችለው ውስጥ ምን ያህሉን እንደያዘ የሚገልጽ መቶኛ ነው። ስለዚህ ማለዳ በ10 ዲግሪ ሞልቶ 100 በመቶ የነበረ አየር አንዲት ጠብታ ሳትቀነስበት ከቀትር በኋላ 25 ዲግሪ ሲሞቅ ወደ 40 በመቶ ገደማ ይወርዳል። እህል ለማናፈስ ጎተራውን በማለዳ የሚከፍት ሰው እርጥብ አየር ወደ ውስጥ እየጋበዘ ነው። ሸራ ላይ የሚሰጣ እህልም ጤዛው ሳይረግፍ ባይሰጣ፣ ፀሐይ ሳትጠልቅም ቢሸፈን ይመረጣል።

ይህን የማይታይ ነገር በቁጥር ለመያዝ ሰዎች በመጀመሪያ የተጠቀሙት በአካባቢያቸው ያገኙትን ነው። እንግሊዛዊው ሮበርት ሁክ እ.ኤ.አ. በ1665 ባሳተመው መጽሐፍ የገለጸው መሣሪያ የተሠራው ከዱር አጃ ፍሬ ጫፍ ከሚወጣው ጺም መሳይ ክር ነበር። በስንዴና በገብስ ማሳ ውስጥ ሲናርን የሚያርም ገበሬ ይህን ክር አሳምሮ ያውቀዋል። ክሩ ሲደርቅ ይጠመዘዛል፤ ሲርስ ይፈታል። ሁክ ጫፉ ላይ ጠቋሚ አስሮ መጠምዘዙን አነበበው። እ.ኤ.አ. በ1783 ደግሞ የጄኔቫው ሳይንቲስት ኦራስ ቤኔዲክት ደ ሶስዩር በሰው ፀጉር የሚሠራ መለኪያ ማዘጋጀቱን በመጽሐፉ አስታወቀ። ቅባቱ የወጣለት ፀጉር ከፍጹም ደረቅ አየር ወደ ሞላ እርጥበት ሲሸጋገር ርዝመቱ በ2 በመቶ ገደማ ይጨምራል። ጭማሪው ትንሽ ቢሆንም ጠቋሚ ለማንቀሳቀስ ይበቃል፤ በፀጉር የሚሠሩ መለኪያዎችም ከዚያ በኋላ ለብዙ ዘመን አገልግለዋል። በክረምት የላላ ከበሮ እሳት ዳር ሞቅ ተደርጎ ሲወጠር ያየ ሰው ምክንያቱን ለመረዳት አይቸገርም። የከበሮው ቆዳም ቁጥር አልተጻፈበትም እንጂ እርጥበትን ይናገራል።

በሚቲዎሮሎጂ ጣቢያዎች የቆየው ዘዴ ከዚህ የተለየ ነው። ጎኖቹ አየር በሚያስገቡ ሰያፍ ጣውላዎች በተሠሩ ነጭ ሣጥን ውስጥ ሁለት ቴርሞሜትሮች ጎን ለጎን ይቆማሉ። የአንደኛው ጫፍ ንጹሕ ውኃ በሚጠጣ ስስ የጥጥ ጨርቅ ይሸፈናል። ከጨርቁ ላይ ውኃው ሲተን ሙቀት ስለሚወስድ እርጥቡ ቴርሞሜትር ከደረቁ ያነሰ ያሳያል። አየሩ ደረቅ በሆነ መጠን መትነኑ ይፈጥናል፤ የሁለቱም ልዩነት ይሰፋል። ይህ ጥንድ «ሳይክሮሜትር» የሚባለው ሲሆን ልዩነቱ ወደ መቶኛ የሚለወጠው በሠንጠረዥ ነው።

ሠንጠረዡ ላይ ግን በደጋማ አካባቢ ለሚኖር ሰው አንድ ወጥመድ አለ። ደረቁ 25፣ እርጥቡ 18 ዲግሪ ቢያነብ ለባሕር ወለል የተዘጋጀ ሠንጠረዥ 50 በመቶ ይላል። ከባሕር ወለል በላይ 1 ሺህ 800 ሜትር ገደማ ላይ በምትገኘው ባሕር ዳር የአየሩ ግፊት ዝቅ ያለ ስለሆነ ትክክለኛው ንባብ 53 በመቶ አካባቢ ነው። ከፍታው ሲጨምር ስሕተቱም ያድጋል። ከውጭ የመጣ ሠንጠረዥ የሚጠቀም ትምህርት ቤት ወይም የችግኝ ጣቢያ ለምን የአየር ግፊት እንደተዘጋጀ አስቀድሞ ማየት ይኖርበታል።

ዛሬ በገበያ የሚገኙት ትናንሽ ዲጂታል መለኪያዎች በአብዛኛው እርጥበት ሲስብ የኤሌክትሪክ ጠባዩ በሚለወጥ ስስ ሽፋን የሚሠሩ ናቸው። ዶሮ የሚያስፈለፍሉ ሰዎችም ይጠቀሙባቸዋል። እንቁላል በመጀመሪያዎቹ 18 ቀናት ከ50 እስከ 55 በመቶ፣ በመጨረሻዎቹ 3 ቀናት ደግሞ ከ65 እስከ 70 በመቶ አንጻራዊ እርጥበት ይፈልጋል። በመጨረሻዎቹ ቀናት አየሩ ከደረቀ ሽፋኑ ጫጩቱ ላይ ይጣበቅና መውጣት ያቅተዋል።

አሁን ወደ እህሉ እንለፍ። የገበሬው ገንዘብ በቀጥታ የሚነካው እዚህ ላይ ነው።

የእህል እርጥበት ማለት ከጠቅላላው ክብደት ውስጥ የውኃው ድርሻ ነው። ዳኛ ሆኖ የሚቆጠረው መለኪያ የላቦራቶሪ ማድረቂያ ምድጃ ነው፤ 100 ግራም ናሙና ውኃው እስኪያልቅ ደርቆ 87 ግራም ቢቀር እርጥበቱ 13 በመቶ ነበር። በእጅ የሚያዘው መሣሪያ ግን ውኃውን አይመዝንም። ኤሌክትሪክ በእህሉ ውስጥ እንዴት እንደሚያልፍ አይቶ የውኃውን መጠን ይገምታል። ግምቱ የሚሠራው ለተመረጠው ሰብል ብቻ ነው። ስንዴ ላይ እንደተቀመጠ በቆሎ የተሞላበት መለኪያ የሚሰጠው ቁጥር እምነት አይጣልበትም። ከፀሐይ ላይ በትኩሱ የተነሣ እህልም ንባቡን ያዛባል። ገና የደረቀ ፍሬ ላዩ ደርቆ ውስጡ እርጥብ ሊሆን ስለሚችል፣ ናሙናውን በተከደነ ዕቃ አሳድሮ በማግሥቱ እንደገና መለካት እውነተኛውን ቁጥር ያወጣል።

የአንድ ነጥብ መዛነፍ ምን ያህል ያስከፍላል? 18 በመቶ እርጥበት ያለው አንድ ኩንታል በቆሎ 13 በመቶ እስኪደርስ ቢደርቅ ክብደቱ ወደ 94 ኪሎ ግራም ይወርዳል፤ የጠፋው ውኃ ነው። ገዥ እርጥበትን ከክብደት ላይ የሚቀንሰው በዚህ ስሌት ነው፤ ስሌቱም ትክክል ነው። ነገር ግን በእርግጥ 13 በመቶ የሆነው እህል በተዛባ መለኪያ 14 ቢባል ከእያንዳንዱ ኩንታል 1 ኪሎ ግራም ከ150 ግራም ገደማ ያለ አግባብ ይቀነሳል። 50 ኩንታል ላቀረበ አምራች ጉዳቱ ከግማሽ ኩንታል ይበልጣል። ስለዚህ መለኪያው በየትኛው ሰብል ላይ እንደተቀመጠ ማየት፣ ናሙናው ከጆንያው ላይ፣ መካከልና ታች እንዲወሰድ መጠየቅ፣ ሦስት ጊዜ ተለክቶ አማካዩ እንዲያዝ ማሳሰብ የሻጭ መብት እንጂ ነውር አይደለም። በተቃራኒው ክብደት እንዲጨምር ውኃ የሚረጭበት ምርት ለገዥው ኪሳራ፣ ለተመጋቢው አደጋ ነው።

አደጋው ሻጋታ ነው። እርጥብ እህል፣ በተለይም በቆሎና ለውዝ፣ አፍላቶክሲን የሚባለውን መርዝ የሚያመነጭ ሻጋታ ያበቅላል። መርዙ ጉበትን የሚጎዳና ካንሰር የሚያስከትል ሲሆን በማብሰል በቀላሉ አይጠፋም። አየር የማያስገቡት ከረጢቶች ነቀዝን አፍነው ይገድላሉ እንጂ እርጥብ እህልን አያደርቁም፤ እንዲያውም ውኃው መውጫ ያጣል። በቆሎ ለረጅም ጊዜ ሊቀመጥ የሚገባው 13 በመቶና ከዚያ በታች ሲደርስ ነው። ይህ ቁጥር ለሰሊጥ አይሠራም፤ ዘይቱ ውኃ ስለማይዝ ያለችው ጥቂት ውኃ ሁሉ በቀረው የፍሬ ክፍል ላይ ትከማቻለች፤ ስለዚህ ሰሊጥ ከ8 በመቶ በታች መውረድ አለበት። ለውጭ ገበያ በሚቀርብ ቡና ላይ ዓለም አቀፉ የቡና ድርጅት ያስቀመጠው ወሰን ከ8 እስከ 12 ነጥብ 5 በመቶ ነው።

መሣሪያ የሌለው ገበሬ በጥርሱ ነክሶ፣ በእጁ አንሿሽቶ ድምፁን ሰምቶ ይገምታል። ልምድ ያለው ሰው ብዙም አይሳሳትም፤ ጤፍ ግን አይነከስም። ከዚህ የተሻለው በጨው የሚደረገው ፍተሻ ነው። ክዳን ያለው ደረቅ ብርጭቆ ጠርሙስ አንድ ሦስተኛው በቆሎ ይሞላል፤ በፀሐይ ወይም በምጣድ የደረቀ ሁለት ሦስት ማንኪያ የገበታ ጨው ይጨመርበታል። ተከድኖ ለሁለት ደቂቃ ያህል በደንብ ይነቀነቅና ለ15 ደቂቃ ይቀመጣል። ጨው ከጠርሙሱ ግድግዳ ላይ ከተጣበቀ እህሉ ከ15 በመቶ በላይ እርጥበት አለው። ካልተጣበቀ ከ15 በታች ነው፤ ነገር ግን 13 ደርሷል ማለት ስላልሆነ ተጨማሪ የፀሐይ ቀናት ያስፈልጉታል።

ጨው ይህን የሚያውቀው አየሩን አሽትቶ ነው። በተከደነ ዕቃ ውስጥ እህልና በዙሪያው ያለው አየር ውኃ ይቀባበላሉ፤ ከጥቂት ሰዓታት በኋላም ይመጣጠናሉ። የአየሩ አንጻራዊ እርጥበት ከ75 በመቶ ሲያልፍ ጨው መርጠብ ይጀምራል። በጆንያው ውስጥ 60 ያነበበው የግድግዳ መለኪያ የሚናገረውም ይህንኑ ነው። ጠርሙሱን በእህል ሞልቶ፣ ትንሽ ዲጂታል የአየር መለኪያ ከላይ አስቀምጦ፣ ግጥም አድርጎ ከድኖ በጥላ ሥር ጥቂት ሰዓት ማቆየት ነው። ንባቡ 65 በመቶና ከዚያ በታች ከሆነ ሻጋታ ለመብቀል የሚበቃ ውኃ አያገኝም። የዚህ ዘዴ ትልቁ ጥቅም የሰብል ሠንጠረዥ አለመፈለጉ ነው፤ 65 ለበቆሎም ለሰሊጥም 65 ነው።

የአፈሩን በአጭሩ እንግለጸው። የአፈር ባለሙያዎች ውኃውን የሚያሰሉት ከደረቁ አፈር ክብደት አንጻር ነው። 87 ግራም ደረቅ አፈርና 13 ግራም ውኃ በእነርሱ ስሌት 13 ሳይሆን 15 በመቶ ይሆናል። ቴንሲዮሜትር የሚባለው መሣሪያ ደግሞ መቶኛ አይሰጥም። ሥሩ ውኃውን ለመሳብ ምን ያህል እንደሚታገል ይናገራል፤ ስለዚህ ቁጥሩ ሲጨምር አፈሩ ደርቋል፣ ዜሮ ሲጠጋም ውኃ ጠግቧል።

ርካሽ የአየር መለኪያ ሲገዛም ሆነ ሲያረጅ ከ5 ነጥብ በላይ ሊስት ይችላል። መፈተሻው እንደገና ያው ጨው ነው። በአንድ የጠርሙስ ክዳን ጨው ተሞልቶ እንደ ጭቃ እስኪሆን ብቻ በጥቂት ውኃ ይርሳል፤ ከመለኪያው ጋር አየር በማያስገባ ዕቃ ወይም በታሰረ ላስቲክ ውስጥ ሙቀቱ በማይለዋወጥበት ቦታ 12 ሰዓት ይቆያል። ትክክለኛ መለኪያ 75 በመቶ ያነባል። 70 ካነበበ ወደፊት በሚያነበው ላይ 5 መጨመር፣ 80 ካለም 5 መቀነስ ነው። የጨው ውኃው መለኪያውን እንዳይነካ መጠንቀቅ ያስፈልጋል፤ ከነካው ስሱ ሽፋን ይበላሻል።