የካፋ ዘውድ፦ ኃይል ያደረበት ዕቃ

የካፋ ነገሥታት ዘውድ ራስ ቁር የመሰለ፣ ከፍ ብሎ የሚቆም ነው። በግንባሩ በኩል ባለ ሦስት ጫፍ የወንድነት ምልክት ተተክሎበታል፤ በዙሪያው የብር ሰንሰለት ይወርዳል፤ አናቱ ላይ የሰጎን ላባ ይሰካበታል። የግንባሩ ጌጥ በኦሮሞና በኮንሶ ዘንድ ከለቻ ተብሎ ከሚታወቀው ጋር ይዛመዳል። በካፋ እምነት ግን ዘውዱ የንጉሡ ማጌጫ ብቻ አልነበረም። መንግሥቱ ራሱ ያደረበት ዕቃ ነበርና፣ ንጉሥ ቢሞት ሌላ ይነግሣል፣ ዘውዱ ከጠፋ ግን የሚነግሥበት ነገር አይኖርም።

ይህ እምነት በካፋ ምድር ብቻውን የበቀለ አይደለም። መንፈሳዊ ኃይል በአንድ ነገር ላይ ያድራል የሚለው አስተሳሰብ በአካባቢው ሰፊ ሥር አለው። አንዳንድ ደኖች የመንፈስ ማደሪያ ስለሆኑ ዛፋቸው አይቆረጥም። ሰውም እንዲሁ ማደሪያ ይሆናል፤ ኤቆ የሚባለው መንፈስ አላሞ በሚባለው ሰው ላይ ያድርና በእርሱ አፍ ይናገራል፣ ሕዝቡም ችግሩን ይዞ ወደ አላሞው ደጅ ይሄዳል። አላሞው ሲሞት ኤቆው ከዘመዶቹ መካከል አንዱን ይይዛል። እዚህ ላይ በሰውና በዕቃ መካከል ያለው ልዩነት ጎልቶ ይታያል። በሰው ላይ ያደረ ኃይል ማደሪያውን ራሱ ይመርጣል። በዕቃ ያለው ግን ዕቃውን የያዘው ሰው እጅ ላይ ይወድቃል፤ ይሰረቃል፣ ይማረካል፣ ይሰደዳል።

የካፋ ንጉሥ ታቶ ይባል ነበር። የሚንጆ ሥርወ መንግሥት በትውፊት ከ14ኛው መቶ ዘመን ጀምሮ ገዝቷል፤ ቦንጋና አንደራቻም የነገሥታቱ መቀመጫዎች ነበሩ። ሚክሬቾ የተባለው የመማክርት ጉባኤ ሥልጣኑን ይገድብ ስለነበር ታቶው እንደ ልቡ የሚያዝ ገዥ አልነበረም። አካሉ ግን ይጠበቅ ነበር፤ የቤተ መንግሥቱን ሥርዓት የገለጹ ጸሐፍት እንደሚሉት ሲመገብ ሰው እንዳያየው መጋረጃ ይጋረድ ነበር። አገሩም እንደ ንጉሡ የተጋረደ ነበር። ድንበሩን ጥልቅ ቦይ ከብቦት ነበር፣ መግቢያውም በኬላ ብቻ ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1897 የአፄ ምኒልክ ጦር በራስ ወልደ ጊዮርጊስ መሪነት ይህን አጥር ሰበረ። ታቶ ጋኪ ሸሮቾ ለወራት በጫካ ውስጥ ሲሸሹና ሲዋጉ ቆይተው በመስከረም ተያዙ። ለንጉሥነታቸው ክብር በብር ሰንሰለት ታሰሩ ይባላል። ጎጀብን ሲሻገሩ የንግሥና ቀለበታቸውን አውልቀው ወንዙ ውስጥ ጣሉት የሚለው ትውፊትም ዛሬ ድረስ ይተረካል። ነገሩ በእርግጥ ተፈጽሞም ይሁን ኋላ የተጨመረ፣ ትርጉሙ ግልጽ ነው፦ ኃይሉ ለአሸናፊው እንዳይተላለፍ ማደሪያውን ማጥፋት።

ዘውዱ ግን አልሰመጠም። ምኒልክ ለአማካሪያቸው ለስዊዘርላንዳዊው መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ ሰጡት፤ እርሱም ወደ አገሩ ወሰደው። ምክንያቱ ሲነገር፣ ዘውዱ በአገር ውስጥ እስካለ ድረስ የካፋ መንግሥት መልሶ ይቆማል የሚል እምነት ስለነበረ ነው ይባላል። ከዚህ በላይ የዘውዱን ባሕርይ የሚያስረዳ ማስረጃ የለም። አሸናፊ ንጉሥ የማረከውን ዘውድ ሊያቀልጠው፣ ሊደፋው ወይም ለቤተ ክርስቲያን ሊሰጠው ይችል ነበር። ይህን ግን እንደ እሳት ከአገር አራቁት። ድል አድራጊው የተሸናፊውን እምነት ባይጋራው እንኳ አሠራሩን በሚገባ ተረድቶታል።

በጋና የአሻንቲ ሕዝብ የወርቅ መንበር ከዚህ ጋር ይመሳሰላል። የሕዝቡ ነፍስ ያለው በመንበሩ ውስጥ ነው ተብሎ ስለሚታመን ንጉሡ እንኳ አይቀመጥበትም። እ.ኤ.አ. በ1900 እንግሊዛዊው ገዥ ሆጅሰን ልቀመጥበት ብሎ ሲጠይቅ በያ አሳንቴዋ የተመራ ጦርነት ተነሣ። አሻንቲ በጦር ተሸነፈ፤ መንበሩን ግን ደብቆ አዳነው። በልብ ወለድ ዓለም ደግሞ ደራሲው ቶልኪን የፈጠረው የጨለማ ጌታ ኃይሉን በአንድ ቀለበት ውስጥ ያፈስሳል፤ ቀለበቱ ሲጠፋ እርሱም አብሮ ይወድቃል። ይህ ግን ያለ ማኅበረሰብ የሚሠራ አስማት ነው። በካፋና በአሻንቲ ዘንድ ዕቃውን የሚሞላው የሚጠብቀው፣ የሚፈራውና በስሙ የሚታዘዘው ሕዝብ ነው።

የቶልኪን መጽሐፍ መታተም በጀመረበት እ.ኤ.አ. በ1954 አፄ ኃይለ ሥላሴ ስዊዘርላንድን ሲጎበኙ የካፋ ዘውድ ተመለሰላቸው። ከተማረከ 57 ዓመት ሆኖት ነበር። የመጨረሻው ታቶ ጋኪ ሸሮቾ በእስር እንዳሉ ያረፉት ከዚያ 35 ዓመት ቀደም ብሎ፣ እ.ኤ.አ. በ1919 ነው።