ራሷን ንግሥት ያለችው የኒዋርክ ልጅ

ዴይና ኦወንስ ገና የስምንት ዓመት ልጅ ሳለች የዐረብኛ ስሞች ከተሰበሰቡበት መጽሐፍ «ላቲፋ» የሚለውን ለራሷ መረጠች። ለስላሳ፣ ደግ እንደ ማለት ነው። «ክዊን» ማለትም ንግሥት የሚለውን ኋላ፣ ወደ ሙዚቃው ስትገባ ጨመረችበት። ማንም ሳይሾማት ይህን ማዕረግ መያዟ የልጅ ጨዋታ አልነበረም። ከዚያ በኋላ የሠራችውን ሁሉ ስቃኝ፣ ሌሎች ካዘጋጁላት ወንበር ይልቅ የራሷን ይዛ ስትቀመጥ ነው የማያት።

የተወለደችው እ.ኤ.አ. በ1970 በኒው ጀርሲዋ ኒዋርክ ነው። አባቷ ፖሊስ፣ እናቷ ወይዘሮ ሪታ መምህርት ነበሩ። ሂፕ ሆፕ ያኔ የወንዶች ሜዳ ነበር፤ እሷ ግን በ19 ዓመቷ፣ በ1989፣ «ኦል ሄይል ዘ ክዊን» የተሰኘ የመጀመሪያ አልበሟን አወጣች። በ1993 የወጣው «ዩኒቲ» የተባለው ዘፈኗ ደግሞ በሴቶች ላይ የሚወረወረውን ስድብና የመንገድ ላይ ለከፋ ፊት ለፊት የተጋፈጠ ነው። በ1995 የግራሚ ሽልማት አስገኘላት።

ወደ ፊልም የገባችው በትንሽ በር ነው። በ1991 በስፓይክ ሊ «ጃንግል ፊቨር» ላይ አስተናጋጅ ሆና ለጥቂት ደቂቃ ታየች። በዓመቱ ወንድሟ በሞተር ሳይክል አደጋ ሞተ፤ ሞተሩን የገዛችለት እሷው ነበረች። ቁልፉን አንገቷ ላይ አሰረችው። በ1993 በፎክስ ቴሌቪዥን «ሊቪንግ ሲንግል» ሲጀመር ካዲጃ ጄምስን ሆና የተወነችው ይህንኑ ቁልፍ እንዳጠለቀች ነው። ካዲጃ ብሩክሊን ውስጥ የራሷን መጽሔት የምታሳትም ጥቁር ሴት ናት። አለቃዋም ደመወዝ ከፋይዋም ራሷ ነች። እንዲህ ያለች ገጸ ባሕርይ በዚያ ዘመን በቴሌቪዥን ብርቅ ነበረች። ድራማው አምስት ዓመት ዘለቀ። በዓለም ዙሪያ የገነነው «ፍሬንድስ» የጀመረው ከእሱ አንድ ዓመት ዘግይቶ ነው፤ ይህ ሲነገር የምሰማው ግን ከስንት አንዴ ነው።

ለእኔ ትልቁ ሥራዋ በ1996 የወጣው «ሴት ኢት ኦፍ» ነው። በሎስ አንጀለስ አራት ድሃ ሴቶች ባንክ ይዘርፋሉ። ላቲፋ የምትጫወታት ክሊዮ ከአራቱ በጣም ቁጡዋና ደፋሯ ናት፤ ሴት ታፈቅራለች፤ ለማንም ብላ አትለሳለስም። ሌላ ተዋናይ ብትሆን ጩኸት ብቻ ታደርጋት ነበር። ላቲፋ ግን ከቁጣው ሥር ያለውን ፍርሃትና ለጓደኞቿ ያላትን ፍቅር አሳየችን። ክሊዮ በመጨረሻ፣ በፖሊስ ተከባ፣ መኪና ውስጥ ብቻዋን ሲጋራ የምትለኩስበትን ትዕይንት ያየ አይረሳውም።

በ2002 «ቺካጎ» በተሰኘው ሙዚቃዊ ፊልም የእስር ቤት አለቃዋን ማማ ሞርተንን ተጫውታ ለኦስካር ታጨች፤ ሽልማቱን የወሰደችው የዚያው ፊልም ባልደረባዋ ካትሪን ዜታ ጆንስ ናት። ከዚያ ወዲህ ኮሜዲው በዛ። በ2003 የወጣው «ብሪንጊንግ ዳውን ዘ ሃውስ» ገበያው ደራለት፤ እኔ ግን አልወደድኩትም። ጥቁሮችን የሚያሳይበት መንገድ ካዲጃንና ክሊዮን ለሰጠችን ሴት አይመጥናትም።

ዕዳውን የካሰችው በ2015 በ«ቤሲ» ነው። የብሉዝ ዘፋኟን የቤሲ ስሚዝን ሕይወት ለመጫወት ከሃያ ዓመት በላይ ጠብቃለች፤ ፊልሙን ካዘጋጁት ፕሮዲውሰሮች አንዷ ሆና የኤሚ ሽልማት ተቀበለችበት። ከ2021 እስከ 2025 ደግሞ በ«ዘ ኢኳላይዘር» የሲቢኤስ ድራማ መሪ ተዋናይ ነበረች። ሃምሳን የተሻገረች ጥቁር ሴት የድርጊት ድራማ ተሸክማ አምስት ምዕራፍ መዝለቋ ቀላል አይደለም።

ወይዘሮ ሪታ በ2018 አረፉ። በ2023 ልጃቸው የኬኔዲ ሴንተርን ክብር ስትቀበል ለዚህ የበቃች የመጀመሪያዋ ሴት ራፐር ሆነች። እሷን በኮሜዲዎቿ ብቻ የሚያውቃት አንባቢ ግን ሽልማቶቿን ከመቁጠሩ በፊት «ሴት ኢት ኦፍ»ን ይይ፤ ቀጥሎም «ቤሲ»ን።