ከመድረክ እስከ ሲኒማ፤ የተዋናይ ደበበ እሸቱ የሥራ ዘመን

በኢትዮጵያ ተዋናይነት በትምህርት የሚገኝ ሙያ ሆኖ የታየው ዘግይቶ ነው። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር በ1948 ዓ.ም. ሲከፈት ለከተማው ታላቅ አዳራሽ ተገኘለት እንጂ፣ በመድረኩ ላይ የሚቆመውን ሰው ብዙዎች ከአዝማሪ ለይተው አያዩትም ነበር፤ አዝማሪም በዚያን ጊዜ ክብሩ አነስተኛ እንደ ነበረ የታወቀ ነው። ስለዚህ አቶ ደበበ እሸቱና አቶ ወጋየሁ ንጋቱ የቴአትር ጥበብን ለመማር ወደ ሀንጋሪ መሄዳቸው ከሁለት ወጣቶች ዕድል የሚያልፍ ነገር ነበረው።

የመድረክ ተማሪ አስቀድሞ የሚሠለጥነው በትንፋሽና በድምፅ ነው፤ ሳይጮኽ ቃሉን እስከ መጨረሻው ወንበር ማድረስ አለበት። በአማርኛ ደግሞ ይህ የራሱ ክብደት አለው። «አለ» ሲላላ ተናገረ ማለት ነው፤ ሲጠብቅ ግን መኖርን ያመለክታል። ይህን ልዩነት ያልጠበቀ ተዋናይ፣ ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ የመለሳቸውን ኦቴሎንና ሐምሌትን የመሰሉ ተውኔቶች ይዞ ቢወጣ አድማጩን ያደናግራል። አቶ ወጋየሁ ፍቅር እስከ መቃብርን በራዲዮ ሲተርኩ አገሩ ሁሉ ጆሮውን የሰጠው በከፊል በዚህ ሥልጠና ምክንያት ነው ቢባል ከእውነት አይርቅም።

አቶ ደበበ ግን ከመድረኩ ሌላ የካሜራውም መንገድ ተከፈተላቸው። በ1965 ዓ.ም. በወጣው፣ ከፊሉ በኢትዮጵያ በተቀረጸው «ሻፍት በአፍሪካ» በተባለው የአሜሪካ ፊልም ዋሳ የተባለውን ሰው ሆነው ተጫወቱ። መሪውን ቦታ የያዘው ሪቻርድ ራውንድትሪ ነበረ፤ ለኢትዮጵያዊው ተዋናይ የተተወለት ስፍራ ጠባብ ነው። ካሜራ የሚፈልገውም የመድረክን ተቃራኒ ነው፤ በአዳራሽ የሚያምረው የእጅ ምልክት በቅርብ ሲታይ ይበዛል።

በኋላም ፖለቲካ ሥራቸውን አቋረጠው። ከ1997 ዓ.ም. ምርጫ በኋላ ከቅንጅት መሪዎች ጋር ታሰሩ፤ ጳጉሜን 3 ቀን 2003 ዓ.ም. እንደገና ተይዘው ከወራት በኋላ ተለቀቁ።

ከዚህ ሁሉ በኋላ፣ በ2006 ዓ.ም.፣ በእስራኤል በተሠራው «ቀያይ ቅጠሎች» በተባለው ፊልም ዋናውን ሰው ሆነው ቀረቡ። የባዚ ጌቴ ሥራ ሲሆን መነሻው የሼክስፒር ንጉሥ ሊር ነው። መሰጋኒዮ የተባለው የሰባ አራት ዓመት ሽማግሌ ሚስቱ ከሞተች በኋላ ቤቱን ሸጦ፣ ከልጆቹ ዘንድ እየተዘዋወረ ለመኖር ይነሣል፤ ልጆቹም ልማዱን ትተውት ያገኛቸዋል። የአቶ ደበበ ዕድሜ ከዚህ ሽማግሌ ዕድሜ ብዙ አይርቅም ነበር። የሊር ንጉሥ በማዕበል ውስጥ ይጮኻል፤ መሰጋኒዮ ግን አብዛኛውን ጊዜ በልጁ ቤት ተቀምጦ ዝም ይላል።