የማይመለሱባት አገር

የሰው ልጅ ሞትን ካወቀበት ጊዜ ጀምሮ «ሁሉ ነገር የሚያልቅበት ስፍራ የት ነው?» እያለ መጠየቁን አላቋረጠም። አንዱ ሕዝብ ከባሕር ማዶ ነው አለ፤ ሌላው ከምድር በታች ነው አለ። ስለዚህ ስፍራ በጽሑፍ ቀድመው ከተረኩት መካከል በጤግሮስና በኤፍራጥስ ወንዞች ዳር ይኖሩ የነበሩት የባቢሎንና የአሦር ሰዎች ይገኛሉ።

እነርሱ ያችን ስፍራ «የማይመለሱባት አገር» ብለው ሰየሟት። እንደ ተረታቸው አገሪቱ ከምድር በታች ናት፤ ብርሃን የላትም፤ የነዋሪዎቿም ምግብ ትቢያና ጭቃ ነው። ሰባት በሮችና አንድ ጨካኝ በር ጠባቂ አሏት። ኢሽታር የተባለችው አምላካቸው ወደዚያ በወረደች ጊዜ በር ጠባቂው በመጀመሪያው በር ዘውዷን፥ በሁለተኛው ጉትቻዋን፥ በሦስተኛው የአንገቷን ጌጥ እያለ ወሰደባት፤ በሰባተኛው በር ልብሷን አስወለቃት። ስለ ምን እንደ ሆነ ብትጠይቅም የአገሩ ሥርዓት ነው ከማለት በቀር ሌላ መልስ አላገኘችም። በሌላው ተረታቸው ደግሞ የነገሥታት ዘውድ በዚያ ተከምሮ ይታያል፤ ዘውዱን ደፍተው የነበሩትም እንደ አሽከር ያገለግላሉ።

ይህ ተረት ብቻ ነው ብለን እንዳንተወው፥ ወደ እኛ የደረሰበት መንገድ ከተረቱ የበለጠ ያስተምራል።

ነነዌ ሲባል በአገራችን የሚታሰበው የነቢዩ ዮናስ ስብከትና በየዓመቱ የሚጾመው የሦስት ቀን ጾም ነው። በዚህችው ከተማ ከክርስቶስ ልደት በፊት በሰባተኛው መቶ ዓመት አሹርባኒፓል የሚባል ኃይለኛ ንጉሥ ነገሠ። ይህ ንጉሥ ማንበብና መጻፍ በመቻሉ ይመካ ነበር። የሚመጣውን አስቀድሞ ለማወቅና መንግሥቱን ለማጽናት ሲል የጥንቆላውንም የተረቱንም ጽሑፍ ከየአገሩ አሰባሰበ። በዚያ ዘመን የሚጻፈው በእርጥብ ሸክላ ላይ፥ ሽብልቅ በሚመስል ፊደል ነበር። ንጉሡ በብዙዎቹ ጽላቶች ላይ ስሙን አስጻፈ፤ የሚወስዳቸውም ሰው እንዲረገም አደረገ። የእኛም ጸሐፍት በብራና መጻሕፍት ላይ የሚሰርቀውን ሰው ሲያወግዙ ኖረዋል።

ነገር ግን ከክርስቶስ ልደት በፊት በ612 ዓመት ባቢሎናውያንና ሜዶናውያን ነነዌን ያዟት፤ አቃጠሏትም። ወርቁ ተዘረፈ፤ ቤተ መንግሥቱ ፈረሰ። እሳቱ ግን ሸክላውን ሲያገኘው ብዙውን አጠነከረው እንጂ አላጠፋውም። ጽላቶቹ ከ2400 ዓመት በላይ በትቢያ ውስጥ ተኙ። በዚህ መካከል ፊደሉን የሚያነብ ሰው ከምድር ላይ ጠፋ፤ ሊቃውንት በብዙ ድካም እንደ ገና የፈቱት በ19ኛው መቶ ዓመት ነው።

ከነነዌ ፍርስራሽ ፊት ለፊት በምትገኘው በሞሱል የተወለደው ሆርሙዝድ ራሳም፥ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ1853 በሌሊት ሲያስቆፍር የአሹርባኒፓልን ቤተ መንግሥትና የጽላቶቹን ክምችት አገኘ። የማይመለሱባት አገር ተረት የተጻፈበት ጽላትም ከዚሁ ከነነዌ ክምችት የተገኘ ነው።

ይህ ራሳም ለኢትዮጵያ ታሪክ እንግዳ አይደለም። የእንግሊዝ ንግሥት ቪክቶሪያ ደብዳቤዋን አስይዛ ወደ ዓፄ ቴዎድሮስ የላከችው፥ ኋላም በመቅደላ የታሰረው እርሱ ነው። በሚያዝያ ወር 1860 ዓ.ም. መቅደላ ሲወድቅ፥ ንጉሠ ነገሥቱ ለመድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን ያሰባሰቧቸው መጻሕፍት በእንግሊዞች እጅ ገቡ። ከእነዚህም 350 ያህሉ ዛሬ በለንደን በብሪታንያ ቤተ መጻሕፍት ይገኛሉ። እንግሊዞች ከመሄዳቸው በፊት ምሽጉን በእሳት አጋዩት። እሳት ሸክላን ያጠነክራል፤ ብራናን ግን ያጠፋል። ስለዚህ የብራና መጽሐፍ ዕድሜ በሚጠብቀው፥ በሚገለብጠውና በሚያነበው ሰው ላይ የተንጠለጠለ ነው።

ወጣት አንባቢ ሆይ፥ ከዚህ ታሪክ ምን ትማራለህ? በር ጠባቂው የሚገፈው ሰው በእጁ ይዞ የሚሄደውን ነው። ዘውድ በመጀመሪያው በር ይቀራል፤ ልብስ እንኳ ሰባተኛውን በር አያልፍም። ሰው በሕይወቱ ሳለ ለሌላው ያስረከበውን ግን ሊገፍፈው አይችልም፤ በእጁ አይገኝምና። አሹርባኒፓል ለራሱ ሥልጣን ያከማቸው ሁሉ ሥልጣኑን አላዳነለትም፤ ከሥራው ለሰው ልጅ የተረፈው ስም የሌላቸው ጸሐፍት በትዕግሥት የገለበጡት ቃል ነው።

ይሁን እንጂ ጽሑፍ መኖሩ ብቻውን አይበቃም። የነነዌ ጽላቶች ሳይጠፉ አንባቢያቸው ጠፍቶ ነበር። የግዕዝ መጻሕፍት ግን አንባቢያቸው ገና አልጠፋም፤ ፊደላቸውም አንተ አሁን የምታነበው ይኸው ፊደል ነው። ስለዚህ የተማርከውን ለሌላው አስተምር፤ አያቶችህ የጻፉትንም ለማንበብ ትጋ። አንባቢ ያጣ መጽሐፍ በሣጥን ውስጥ ቢቀመጥም በነነዌ ትቢያ ሥር ከተቀበረው ጽላት አይሻልምና።