ራስን በራስ መሣል፤ ከጎንደር መድረክ እስከ «ጤዛ»

ሰው መልኩን በመስተዋት ያያል፤ ማንነቱን ግን የሚያየው ስለ እርሱ በሚነገረው ታሪክ ውስጥ ነው። ታሪኩን ባዕድ ብቻ የነገረለት ሕዝብ፥ ራሱን በሰው ዓይን መመልከት ይለምዳል። ከጎንደር ተነሥቶ በዳባት አድርጎ ወደ ደባርቅ የሚወጣውን መንገድ የተከተለ የውጭ አገር ካሜራ፥ አብዛኛውን ጊዜ የፈለገው የስሜንን ገደል፥ ዋልያንና ጭላዳን ነው። በተራራው ግርጌ የሚያርሰው ገበሬ ግን በሥዕሉ ዳር አልፎ ሂያጅ ሆኖ ቀርቷል።

ይህን ጉድለት ዕድሜ ልካቸውን የታገሉት በዚሁ አገር፥ በጎንደር ከተማ፥ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በ1946 የተወለዱት ኃይሌ ገሪማ ናቸው። አባታቸው ገሪማ ታፈረ፥ የ«ጎንደሬ በጋሻው» ደራሲ፥ ቴአትር እየጻፉ በየአገሩ ያሳዩ ስለ ነበር፥ ልጅየውም በአባታቸው ቡድን ውስጥ ተጫውተው አደጉ። በሲኒማ ቤት የሚታየው ግን የባዕድ ፊልም ነበርና፥ የጎንደር ልጆች የሚያጨበጭቡት ለታርዛን እንጂ ለአፍሪካውያኑ አልነበረም።

በ1967 ተዋናይነትን ለመማር ወደ ቺካጎ ሄዱ። በዚያ ለጥቁር ተዋናይ የሚሰጠው የሎሌና የአሽከር ቦታ መሆኑን ባዩ ጊዜ፥ የሌላው ሰው ሥዕል መሆንን ትተው፥ በ1970 ሎስ አንጀለስ ከሚገኘው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ገብተው ፊልም መሥራትን ተማሩ። በ1974 ወደ አገራቸው ተመልሰው የጭሰኛውን ኑሮ በአማርኛ የሚናገረውን «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» አነሡ፤ ፊልሙም በ1976 ለሕዝብ ታየ።

ከሁሉ ይልቅ ለራስ ሥዕል የሚቀርበው በ2008 የወጣው «ጤዛ» ነው። በጀርመን አገር ሕክምና የተማረው አንበርብር አንድ እግሩን አጥቶ ወደ ትውልድ መንደሩ ይመለሳል። ታሪኩ በተራ አይሄድም፤ ሕልም ከትዝታ፥ ልጅነት ከስደት እየተቀላቀለ ይመጣል፤ የተሰበረ መታሰቢያ በቀጥታ አይተረክምና። አንበርብር ደራሲው ራሳቸው አይደሉም፤ ነገር ግን ለውጥን ተመኝቶ በለውጡ የቆሰለው ትውልዳቸው መልክ ነው። ፊልሙ በ2008 በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማት፥ በ2009 በዋጋዱጉ ታላቁን የየኔንጋ ወርቃማ ፈረስ አግኝቷል።

እንግዲህ ራስን መሣል ራስን ማወደስ አይደለም፤ ቁስልንም ሳይሸሽጉ ማሳየት ነው። ዛሬ ካሜራ በዳባትና በደባርቅ ተማሪዎችም እጅ ገብቷል። ዋልያውን የሚያነሣ እንግዳ አይጠፋም፤ የአያታቸውን እርሻ፥ የእናታቸውን ድካምና የራሳቸውን ጥያቄ ግን እነርሱ ካላነሡት ማን ያነሣላቸዋል?