ሰንጠረዥ ያልነበራት ሸክላ

የአሜሪካኖቹ «ካንትሪ» ሙዚቃ ታሪክ በቁጥር የተጻፈ ታሪክ ነው። «ቢልቦርድ» የተባለው መጽሔት ከ1944 ጀምሮ (ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው) የትኛው ነጠላ ዘፈን ስንተኛ እንደ ወጣ በየሳምንቱ ሲያሰፍር ኖሯል። የመጀመሪያው ሚዛን በየመጠጥ ቤቱ ሳንቲም እየጎረሰ የሚዘፍነው ጁክ ቦክስ ነበር። ቀኑን ሙሉ የሰው ገንዘብ ስቆጥር የምውል የባንክ ሠራተኛ ነኝና ይህ አሠራር ያስቀናኛል። ሳንቲሟ ጠብ አለች፤ ዘፈኑም ተመዘገበ። ኤልቪስ ፕሪስሊ እንኳ በ1956 መጀመሪያ አናት ላይ የወጣው በዚሁ በካንትሪው ሰንጠረዥ ነው።

«የኢትዮጵያ ኤልቪስ» ያልነው ዓለማየሁ እሸቴ ግን ስንተኛ ወጣ? ማንም አልቆጠረለትም። ምክንያቱን ስፈልግ ያገኘሁት ሕግ ነው። በ1948 የወጣ የንጉሠ ነገሥቱ ድንጋጌ ሸክላ የማሳተምንና የማስመጣትን መብት ለሀገር ፍቅር ማኅበር ብቻ ሰጥቶ ነበር። ማኅበሩም በመብቱ ብዙ አልሠራበትም። ዘፋኞቹ በክቡር ዘበኛ፣ በፖሊስ ሠራዊት፣ በየቴአትር ቤቱ ተቀጥረው ይዘፍናሉ፤ ዓለማየሁም የፖሊስ ኦርኬስትራ ልጅ ነው። ድምፃቸው ግን በሸክላ ከገበያ እምብዛም አይገኝም።

በ1969 አምኃ እሸቴ የተባለ ወጣት ሙዚቃ ነጋዴ (ከዓለማየሁ ጋር የአባት ስም እንጂ ዝምድና የላቸውም) ድንጋጌውን እያወቀ አንዲት ባለ 45 ዙር ሸክላ አወጣ። «ትማርኪያለሽ» የምትገኘው በዚያች ሸክላ ላይ ነው። በአገር ውስጥ የሚያትም ስላልነበረ ወደ ሕንድ ተልካ ታትማ መጣች። ኋላ የቤይሩት ማተሚያዎች ተተኩ። ሸክላዋ ተወደደች፤ አምኃንም የከሰሰ ቀርቶ የተከተለ በዛ። እስከ 1975 ድረስ 103 ነጠላ ሸክላዎችና 12 አልበሞች አሳተመ። እኔ ሰንጠረዥ የምለው ይህን ነው፤ የመጀመሪያይቱ ባትሸጥ ኖሮ 103ኛይቱ ከየት ትመጣ ነበር? ከዚያ አብዮቱ መጣ፣ የሰዓት እላፊው ምሽቱን ዘጋው፣ አምኃም ወደ አሜሪካ ተሰደደ። ሸክላውን ካሴት ወረሰው፤ ካሴት ደግሞ እንደ ልብ ይገለበጣልና ለቆጣሪ ከቶ አይመችም።

እነዚያን ዘፈኖች ከ1990ዎቹ ማብቂያ ጀምሮ ለዓለም መልሶ ያሰማው ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ «ኢትዮፒክስ» በተሰኘው ተከታታይ ኅትመቱ ነው። የቴዲ አፍሮ «ኢትዮጵያ» በ2017 የቢልቦርድን የዓለም ሙዚቃ አልበሞች ሰንጠረዥ ስትመራ ደስ ያለኝን ያህል አንድ ነገር ከነከነኝ፦ የቆጠሩልን አሁንም ሌሎች ናቸው። አምኃና ዓለማየሁ ሁለቱም በ2021 አረፉ። የዚያን ዘመን ሸክላዎች ዛሬ በውጭ አገር ሰብሳቢዎች እጅ በውድ ዋጋ ይዞራሉ።

እኔ በምኖርበት አሶሳ ደግሞ ሌላ ዓይነት ሙዚቃ አለ። በርታዎች ከቅል ቁርጥራጭ ገጣጥመው የሚሠሩት ረጅም መለከት ዋዛ ይባላል። (በአማርኛው የሚስቅ አይጠፋም፤ ጨዋታው ግን ዋዛ አይደለም።) እያንዳንዱ ነፊ የያዘው አንድ ድምፅ ብቻ ነው። ተራውን ጠብቆ ይነፋል፣ ዝም ይላል፣ ቀጣዩ ይቀበለዋል፤ ዜማው ከሁሉም አፍ ተዋጥቶ ይወጣል። የቢልቦርድ ሰዎች አንድ ቀን ቢመጡ በዘፋኙ ስም አንጻር የማንን ስም እንደሚጽፉ ማየት እሻለሁ።